ቀንድ አውጣ የተኛበት ግድግዳ

በዚህ በግንቦት መጀመሪያ፣ ቡሬ በማስተምርበት ክፍል ውስጥ አንድ ተማሪዬ ከመቀመጫው ተነሥቶ መጣና የተጨበጠ እጁን ጠረጴዛዬ ላይ ከፈተው። ከመዳፉ አንድ ቀንድ አውጣ ተንከባለለ። ዛጎሉ የደረቀ አፈር ይመስላል፤ አፉ ስስ ብራና በመሰለ ነገር ተሸፍኗል። ልጁ ከትምህርት ቤቱ የድንጋይ ካብ ውስጥ እንዳገኘው ነገረኝና፣ «ሞቷል ወይስ ተኝቷል?» ብሎ ጠየቀኝ።

እኔ ጥያቄ ሲመጣልኝ ደስ የሚለኝ ሰው ነኝ። ጠመኔ አንሥቼ ሰሌዳውን ለሁለት እከፍልና በግራ የየብሱን፣ በቀኝ የውኃውን እያልሁ መዘርዘር እወዳለሁ። ተማሪዎቼ ዐመሌን ስለሚያውቁ ገና ሳልጀምር ለመጻፍ ተዘጋጁ። እኔ ግን ጠመኔውን እንደያዝሁ ቆየሁ። ይህን ጥያቄ ከዚያ በፊት፣ በዚሁ አነጋገር፣ ሰምቼዋለሁ። የጠየቀኝ ታናሽ ወንድሜ ስማቸው ነበር፤ ያን ጊዜ አምስት ዓመት ቢሆነው ነው።

ዘመኑ የሰባዎቹ መጀመሪያ ነው። እኔ የቤቱ ታላቅ ሴት ልጅ፣ የአራተኛ ክፍል ተማሪ ነበርሁ። ቤታችን ከፍኖተ ሰላም ዳር፣ ወደ ላህ ወንዝ በሚወስደው ቁልቁለት ላይ ነበር፤ የጭቃ ቤት፣ ዙሪያውን የቁልቋል አጥር የከበበው። አባቴ እህል ስለሚነግድ ሳምንቱን የሚያሳልፈው አህዮቹን እየነዳ በእኛና በቡሬ ገበያ መካከል ነው። ቤት የምንውለው እናታችን እምዬ፣ የእናታችን አባት አባባ፣ እኔና ስማቸው ነበርን። አባባ እርሻቸውን ለአጎቶቼ ለቅቀው እኛ ዘንድ ከመጡ ወዲህ ከስማቸው ተለይተው አያውቁም። የሚተኙት በሩ አጠገብ ባለው የጭቃ መደብ ላይ ነው፤ ስማቸውም እግራቸው ሥር ተጠቅልሎ ይተኛል።

ክረምት ሲገባ ግቢያችን በርጥብ አፈርና በጎመን ሽታ ይሞላል። ዝናቡ ረገብ ሲል ቀንድ አውጣዎቹ ከአጥሩ ሥር እየወጡ፣ ብር የመሰለ መንገዳቸውን በስተኋላቸው እየተዉ ወደ እምዬ ጎመን ያዘግማሉ። እምዬ አትወዳቸውም። ጎመኑን እየበሳሱ ወንፊት ስላደረጉባት እየለቀመች ለዶሮዎቹ ትጥልላቸው ነበር። አባባ ግን እሷ ወደ ጓዳ ስትገባ ከዶሮዎቹ አፍ አንድ ሁለቱን አስጥለው ለስማቸው ይሰጡታል። ከእነዚያ አንዱ ዶሮ ነክሳው የዛጎሉ ከንፈር ትንሽ የተሸረፈ ነበር። ስማቸው የራሱ ያደረገው እሱን ነው።

ልጆች ቀንድ አውጣ ሲያገኙ ነካ አድርገው ሲሸሸግባቸው ይሰለቻሉ። አባባ ግን ስማቸውን መጠበቅ አስተማሩት። ትንፋሹን ሰብስቦ ሳይንቀሳቀስ እንዲቀመጥ ይነግሩትና አብረውት ይቀመጣሉ። «የፈራ በዝምታ ነው የሚወጣ» ይሉታል። ከብዙ ቆይታ በኋላ መጀመሪያ እግሩ፣ ቀጥሎ ሁለቱ አጫጭር ቀንዶች፣ በመጨረሻ ሁለቱ ረጃጅሞች ይወጣሉ። እኔ በትምህርት ቤት የሰማሁትን ይዤ መጥቼ፣ ዓይኖቹ ያሉት በረጃጅሞቹ ቀንዶች ጫፍ ላይ መሆኑን፣ በአጫጭሮቹ ደግሞ እየዳሰሰ እንደሚሄድ አስረዳኋቸው። አባባ እጃቸውን አገጫቸው ላይ አድርገው ሰምተው ሲያበቁ፣ «እንዲህ ነው እንዴ፣ ልጄ?» አሉኝ። ዛሬ ሳስበው፣ አስተማሪ መሆን ያማረኝ ያን ቀን ሳይሆን አይቀርም።

ለመስቀል ነጠላና ጋቢ ለማጠብ ወደ ላህ ስንወርድ አባባም ምርኩዛቸውን ይዘው ተከተሉን፤ ስማቸውም ቀንድ አውጣውን በጎመን ቅጠል ጠቅልሎ። በዚያ ወንዝ ዳር፣ ውኃው ረጋ በሚልበት፣ ከድንጋዩና ከሣሩ ላይ የተጣበቁ ትንንሽ ጥቁር ቀንድ አውጣዎች ነበሩ። ስማቸው አያቸውና የራሱን አውጥቶ ከመካከላቸው ዶለው። ዘመዶቹን እንዲጠይቅ ነው አለ። አባባ እጀ ጠባባቸውን ሳይሰበስቡ ክንዳቸውን እስከ ክርናቸው አጥልቀው አወጡት። «ይህ የደረቅ አገር ሰው ነው፤ ዋና አያውቅም» አሉት።

እውነታቸውን ነበር። የየብሱ ቀንድ አውጣ የሚተነፍሰው እንደኛ አየር ነው፤ ውኃ ውስጥ ካቆዩት ይሰጥማል። ከውኃዎቹ አንዳንዶቹ እንደ ዓሣ በስንጥብ ይተነፍሳሉ፤ እነዚህ ዛጎላቸውን የሚገጥሙበት ጠንካራ መዝጊያ ከእግራቸው ጋር ተጣብቆ አላቸው። ሌሎቹ ደግሞ ውኃ ውስጥ እየኖሩ ለአየር ብቅ ይላሉ። የብልሃርዝያን በሽታ ወደ ሰው የሚያደርሱት ከእነዚህ ወገን መሆናቸውን ያወቅሁት ግን መምህር ከሆንሁ በኋላ ነው፤ ተማሪዎቼን በረጋ ውኃ ውስጥ እንዳይንቦጫረቁ የምጨቀጭቃቸው ለዚህ ነው። ያን ቀን ያየሁት ሌላ ነገር ነበር። እምዬ የወቀጠችው እንዶድ አረፋ እየሠራ ወደ ታች ሲወርድ፣ በታች በኩል የነበሩት ትንንሾቹ ከድንጋዩ ላይ አንድ በአንድ ረገፉ። ስማቸው ይህን ሲያይ የራሱን በሁለት እጁ ሸፍኖ ወደ ቤት ተመለሰ።

ኅዳር ሲገባ አፈሩ ደረቀ፣ ጎመኑም አለቀ። የስማቸው ቀንድ አውጣ አንድ ቀን ጠፋና ሲፈለግ፣ ከአባባ መደብ ከፍ ብሎ ግድግዳው ላይ ባለ ስንጥቅ ውስጥ ተጣብቆ ተገኘ። አፉን በስስ ነጭ ነገር ዘግቷል። ከገላው የሚወጣውን ዝልግልግ ነገር አፉ ላይ አድርቆ በር መሥራቱ ነው፤ እንዲህ ካልዘጋ በበጋው ደርቆ ይሞታል። ስማቸው ሊነቅለው እጁን ሲሰድ አባባ ያዙት። ተኝቷል፣ ክረምት ሲገባ ይነሣል፣ እስከዚያ አትንካው አሉት። ስማቸውም አልነካውም።

አባባ በጥር፣ ከጥምቀት በኋላ ዐረፉ። ብዙም አልታመሙ። በለቅሶው ቀን ስማቸውን ጎረቤታችን እትዬ ዘነቡ ቤታቸው ወስደው አዋሉት። ሲመለስ መደቡ ባዶ ነበር። አባባ የት ሄዱ ብሎ ጠየቀ። ዕንባዋን የምትጠርግ አንዲት ሴት፣ በአገራችን ለሕፃን እንደሚባለው፣ አባባ ተኝተዋል አለችው። «እስከ ክረምት?» አለ ስማቸው። ሴትዮዋ ስለ ምን እንደሚያወራ በምን ታውቃለች? «አዎ፣ የኔ ጌታ» አለችው።

ከዚያ ወዲያ ስማቸው አላለቀሰም። ይህ ነው እምዬን ያስጨነቃት። መደቡ ላይ ማንም እንዲቀመጥ አይፈቅድም፤ የአባባን ምርኩዝ ከግድግዳው አስጠግቶ አቁሞታል። ጠዋት ጠዋት ቀንድ አውጣውን ያየውና ለጨዋታ ይወጣል። አባቴ ከቡሬ ሲመለስ ነገሩን ሰምቶ፣ ያን ነገር አውጥታችሁ ጣሉት፣ ልጁም ይርሳው አለ። እምዬ እንቢ አለችው። እሱም አባቷ የሞተባትን ሴት አልተሟገተም።

እኔ የሳይንስ መምህራችንን ጠየቅኋቸው። በውስጡ ያለው እርጥበት ከበቃው እንደሚነሣ፣ ካልበቃው ግን ባዶ ዛጎል እንደሚሆን ነገሩኝ። ወደ ቤት ስመለስ መንገዱ ረዘመብኝ። ቀንድ አውጣው ከሞተ ስማቸው አባባን በዚያው ቀን ይቀብራቸዋል። ከተነሣ ደግሞ አባባን ይጠብቃል። የትኛውን እንደምመኝ አላወቅሁም።

ስማቸውም ነገሩ ከብዶት ኖሮ፣ አንድ ማታ ከጎኔ ተኝቶ፣ «ሞቷል ወይስ ተኝቷል?» አለኝ። ስለ ቀንድ አውጣው ነው የጠየቀኝ፤ እኔ ግን ስለ ሁለቱም ሰማሁት። አላውቅም አልሁት።

ፋሲካ ደረሰ። በአገራችን ለፋሲካ ቤት ይመረጋል። ጭቃው ከጭድ ጋር ተረግጦ ይሰነብትና ስንጥቁ ሁሉ ይደፈናል፤ ከዚያ ግድግዳው በእበትና በአመድ ይለቀለቃል። ጎረቤት ለጎረቤት እየተጋገዘ ስለሚሠራ የአንድ ቤት ምርጊት ባንድ ቀን ያልቃል። ለካ የእኛ ተራ የደረሰው እኔ ትምህርት ቤት በዋልሁበት ቀን ኖሯል። ከሰዓት በኋላ ስመጣ የርጥብ ጭቃ ሽታ ከደጅ ተቀበለኝ። ደብተሬን ጥዬ ገባሁ። ግድግዳው ከዳር እስከ ዳር ለስልሶ ያበራል፤ እንደዚያ የሚያምር ግድግዳ ባያምር በወደድሁ።

ወደ መደቡ ጠጋ አልሁ። ከመደቡ በላይ መዳፍ የምታህል ቦታ ሳትመረግ ቀርታ ነበር። አሮጌው ግድግዳ ከነስንጥቁ ይታያል፤ ስንጥቁ ውስጥ ከንፈሩ የተሸረፈው ቀንድ አውጣ አለ። በቦታዋ ዙሪያ የእምዬ ጣቶች ጭቃውን እያለዘቡ ያለፉበት ምልክት ክብ ሠርቷል።

እትዬ ዘነቡ እጃቸው ጭቃ እንደሆነ በሩ ላይ ቆመው፣ «ለቀንድ አውጣ መስኮት የሚያወጣ ቤት ዛሬ ነው ያየሁ፤ ጎመንሽን የበላውን እንደ ባለ ደም ጊደር ክሰሽ ትታረቂው እንደሁ እንጃ» አሏት። ሴቶቹ ሳቁ። እምዬም ከጥር ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ ብላ፣ «እንግዳ ነው። እስኪነሣ ነው» አለች።

የመጀመሪያው ደህና ዝናብ የወረደው በግንቦት ማለቂያ፣ ከሰዓት በኋላ ነው። አቧራው ሸተተ፤ ውኃ ከጣሪያው ጠርዝ ወረደ፤ በሩ ክፍት ስለነበር እርጥቡ ነፋስ እስከ መደቡ ገባ። እኔና እምዬ የምንለቅመውን ሽምብራ ይዘን ዘወር ስንል፣ ስማቸው መደቡ ላይ እጆቹን አጣምሮ ተቀምጧል። አይንቀሳቀስም። ብዙ ቆየ። ከዚያ ነጩ በር ጫፉ ላይ ረጠበ፣ ተሸበሸበ፣ ተቀደደ። እግሩ ወጣ። አጫጭሮቹ ቀንዶች ወጡ። ረጃጅሞቹ ወጡ።

ስማቸው አልጮኸም። ቀስ ብሎ ወረደና መደቡን በእጁ ጠራረገ። ምርኩዙን ወደ በሩ አስጠጋው። ከዚያ ወደ እምዬ ዞሮ፣ «አባባ ሊነሡ ነው። የእግር ውኃ አሙቂላቸው» አላት።

እኔ ላስረዳው አፌን ከፈትሁ። ስለ እርጥበት፣ ስለ ሳንባ፣ ስለ ሰው ልብ የማውቀውን ሁሉ ልነግረው ነበር። እምዬ በእጇ ገታችኝ። ሽምብራውን አስቀምጣ ሄዳ መደቡ ላይ ተቀመጠችና ከጎኗ አስቀመጠችው። ከአባባ ሞት ወዲህ እዚያ የተቀመጠ ሰው አልነበረም።

«አየኸው አይደል፣ የኔ ጌታ» አለችው። «ቀንድ አውጣ በሩን ዘግቶ ቤቱ ውስጥ ነው የተኛ። ስለዚህ ይነሣል። አባባ ግን ቤታቸውን ትተው ነው የሄዱ።»

ስማቸው መደቡን አየ፣ ምርኩዙን አየ። ምርኩዛቸውን ለምን ይዘውት አልሄዱም አላት።

«ለእኛ ትተውልን» አለችው።

ያን ጊዜ አለቀሰ። በጥር ያላለቀሰውን ሁሉ አለቀሰ፤ እምዬም አብራው። ዝናቡ ሲያባራ ስማቸው ቀንድ አውጣውን በመዳፉ ተሸክሞ ቁልቋሉ ሥር አስቀመጠው። ጎመኑ ገና ቡቃያ ነበር። እምዬ ከበሩ ሆና አየች፤ ልትለቅመው አልወጣችም።

ተማሪዬ መልሱን እየጠበቀ ነበር። ቀንድ አውጣውን አንሥቼ መዘንሁት፤ ባዶ ዛጎል ይቀላል፣ ይህ ግን ይከብዳል። ተኝቷል አልሁት፤ ካገኘበት ካብ ውስጥ እንዲመልሰውና ክረምት ሲገባ አብረን እንድናየው ተስማማን። ለምን እንደጠየቀ ስጠይቀው ትከሻውን ሰብቆ፣ ዝም ብዬ ነው አለኝ። ክፍሉ ሳቀ። ደስ አለኝ። ከዚያ ሰሌዳውን ለሁለት ከፈልሁ።

ዛሬ ስማቸው ከበሩ መቃን በላይ ረዝሞ ጎንበስ ብሎ ነው የሚገባ። የአጥራችን ቁልቋል ተነቅሎ በቆርቆሮ ተተክቷል፤ በክረምት እንደ ቀድሞው ቀንድ አውጣ አይታይበትም። እምዬ ጉልበቷ ስለደከመ በዘንድሮው ፋሲካ ቤቱን የመረግሁት እኔ ነበርሁ። ጭቃውን እያነሣሁ፣ እያለዘብሁ፣ ከመደቡ በላይ ስደርስ እምዬ ከኋላዬ፣ «እሷን ተዪያት» አለችኝ። በዚያች ስንጥቅ ውስጥ ከዚያ ዓመት ወዲህ የተኛ ቀንድ አውጣ የለም፤ እምዬም ታውቃለች። ጣቴን በጭቃው ላይ ሳብ አድርጌ ቦታዋን ዞርኋትና ወደ ሌላው ግድግዳ አለፍሁ።