ሳልለካ የቆረጥኩት ጥቁር ቀሚስ

እኔ ዓመቱን የምቆጥረው በጨርቅ ነው። ለጥምቀት ነጭ እሰፋለሁ፣ ለየካቲቱ በዓል ባንዲራ፣ ለአሸንዳ የልጃገረዶች ጥልፍ ቀሚስ። ከወሎ መጥቼ ዓዲ ሓቂ በሚባለው ሰፈር የልብስ ስፌት ሱቅ ከከፈትኩ ጀምሮ እንዲሁ ነው የኖርኩት። ያ ዓመት ግን በጥቁር ጀመረ።

መስቀል እንዳለፈ በጦርነቱ የተሠዉት ልጆች መርዶ ለየቤተሰቡ እንደሚነገር ታወጀ። በጥቂት ቀን ውስጥ ሰፈሩ ድንኳን በድንኳን ሆነ፤ ሱቄም ጥቁር በሚያሰፉ እናቶች ተሞላ። የአከራዬም አንድ ልጅ ከዘመተ ወዲህ ድምፁ አልተሰማም ነበር። ወደ እሷ ቤት ግን መርዶ ነጋሪ አልመጣም። «አልመጡም ማለት አለ ማለት ነው» ትል ነበር።

አከራዬን በቋንቋዋ አደይ፣ እናቴ፣ ነው የምላት፤ እንደ ወለደችኝም አንቺ እያልኩ። ሱቁም የማድርባት ክፍልም የእሷ ናቸው። በየበዓሉ ሁለት ዶሮ ትገዛለች፤ አንዱ ለቤቷ፣ አንዱ እኔ ቢስሚላህ ብዬ የማርደው። ሁለት ድስት ጥዳ መድከሟ ሳያንስ «ዶሮህ ከኔው ይወፍራል፣ ወደይ» እያለች፣ ልጄ ብላ እየጠራችኝ፣ ታበሽቀኛለች።

ያን ሰሞን ከገበያው ጥቁር ጨርቅ እየጠፋ መጣ። እኔ ደግሞ ጥንቁቅ ነኝ ባይ ነኝ። መርዶው ቢመጣ አደይ ወረፋ ጠብቃ እንዳትንገላታ ብዬ፣ ለእሷ አንድ ቀሚስ በዓይን ግምት ቆርጬ ሰፋሁ። በእኛ አገር ሽማግሌ ከፈኑን፣ የሚገነዝበትን ጨርቅ፣ በቁሙ ገዝቶ ያስቀምጣል። አባቴ የራሱን ሳጥኑ ውስጥ አኑሮ በየዓመቱ እያወጣ ፀሐይ ላይ ያሰጣው ነበር። አስቀድሞ ማሰናዳት ሟርት ሊሆን እንደሚችል ፈጽሞ አልታየኝም።

አደይ ክር ልትዋስ ገብታ ቀሚሱን አየችው። ግራ ትከሻዋ ከቀኙ ዝቅ ይላል፤ እኔም እንደዚያው አድርጌ ነበር የቆረጥኩት። የማን እንደሆነ መጠየቅ አላስፈለጋትም።

«ልጄን ቀበርከው ወይ፣ ወደይ?» አለችኝ በቀስታ። ብትጮህብኝ ይሻለኝ ነበር።

ቀሚሱን በዚያው ቀን ተረተርኩት። የፈሰሰ ውሃ ግን አይታፈስም። ለገና ግቢው ውስጥ አንድ ዶሮ ብቻ ጮኸ። ለጥምቀት ነጭ ለብሳ ታቦት ልትሸኝ በሱቄ በር ስታልፍ ወደ ውስጥ አልተመለከተችም። በየካቲት ባንዲራ ስሰፋ ተማሪ ደንበኞቼ የፖለቲከኞቹን ጠብ ያወሩልኝ ነበር፤ ማን ከማን ጋር እንደተኳረፈ። እኔን እንቅልፍ የነሳኝ የአንዲት ሴት ኩርፊያ ነው። ረመዳን ገባ፤ እንደ ሌላው ዓመት ሾርባ ይዞ በማፍጠሪያ ሰዓት በሬን የሚያንኳኳ አልነበረም። ለፋሲካ አንዲት ዶሮ ከነነፍሷ በሯ ላይ አስሬላት ሸሸሁ። አላረደቻትም፤ አልመለሰቻትምም። ዶሮዋ ግቢው ውስጥ ስትንጎራደድ ባየሁ ቁጥር ደስ ይለኝ ነበር።

አሸንዳ አልፎ አዲሱ ዓመት ሊገባ ሲል አደይ ነጭ ፖፕሊን ይዛ ሱቄ ገባች።

«ሸሚዝ ስፋልኝ፤ ለልጄ።»

ልኩን ልጠይቃት አፈርኩ። «ተነሥ፣ ዙር» አለችኝ። ሜትሩን ከአንገቴ ላይ ወስዳ ጀርባዬ ላይ ዘረጋችው።

«ሲሄድ ካንተ ሁለት ጣት ይሰፋ ነበር። አሁን ጎርምሶ ይሆናል፤ ሦስት አድርገው።»

እጇ ጀርባዬ ላይ ሲያርፍ አለቀስኩ። ፊቴ ወደ ግድግዳው ስለነበር ያየችኝ አይመስለኝም።

ሸሚዙን ጨርሼ ስወስድላት አልተቀበለችኝም። «በርህ ላይ ስቀለው። ሲመጣ ካንተው ይውሰድ» አለች።

ሰቀልኩት። በነጋታው አንድ ደንበኛ አይቶት ዋጋውን ጠየቀኝ። አደይ ደጃፉ ላይ በርጩማ ስባ ምስር ትለቅም ነበር።

«አይሸጥም» አልኩት፤ «ባለቤት አለው።» ድምፄ እንደ ሌባ ነበር የወጣው።

አደይ ከምስሩ ቀና አላለችም። «አልሰማህም፣ ወደይ» አለችኝ፤ «ድገምለት።»

«ባለቤት አለው» አልኩ።