የነርስ ባሎች ፊልም

በስደት በምንኖርባት በካሮልተን ከተማ፣ ከአፓርታማችን ፊት ለፊት የሚኖረው ጎረቤቴ ከደቡብ ሕንድ፣ ከኬረላ የመጣ ሰው ነው። እንደ እኔው የነርስ ባል ነው። ሚስቱ ቀድማ መጥታ አስመጣችው፤ የእኔም እንደዚሁ። እሱ መጋዘን ውስጥ ካርቶን ያነሳል፣ እኔ ኤርፖርት ሻንጣ እጭናለሁ። የሁለታችንም ወገብ አልቋል።

አንድ ቅዳሜ ከነሚስቶቻችን ፕሌኖ ወዳለ ሲኒማ ቤት ሄድን። ፊልሙ በቋንቋቸው፣ በማላያላም ነው። ብቻውን ሃያ ሰው የሚደበድብ ጀግና ስጠብቅ ዝናብ፣ ጠባብ ወጥ ቤትና በመሬት የተኳረፉ ወንድማማቾች አየሁ። በየቤቱ ደግሞ ባሕር ማዶ የሚሠራ አንድ ሰው አይጠፋም። «እኛ የራሳችንን ሐሜት ከፍለን ነው የምናየው» አለኝ ጎረቤቴ።

የዚያን ቀን ሐሜት ስለ እኛ ነበር። ሚስቱ ውጭ አገር ነርስ የሆነች ሰውዬ ለእረፍት አገሩ ይገባል። ጥቁር መነጽሩን ሰክቶ ለዘመድ ሁሉ አለቃ ነኝ ይላል፤ አባቱም «ልጄ ያሠራልኝ ቤት» እያሉ ለመንደሩ ያሳያሉ። ሲመለስ የሚስቱን ዩኒፎርም ይተኩሳል። አዳራሹ ሳቅ በሳቅ ሆነ። ጎረቤቴ እንባው እስኪፈስ ሳቀ፤ ሚስቱም ትከሻውን እየመታች። እኔ መግቢያ ቀዳዳ አጣሁ። የእኔም አባት በየእሁዱ ስልክ «ቤቴን ያሠራህልኝ» እያሉ ይመርቁኛል። ያሠራችው ሚስቴ ናት፣ በትርፍ ሺፍት። ስድስት ዓመት ሙሉ አንድም ቀን አላረምኳቸውም። ሰረቅ አድርጌ አየኋት። አልሳቀችም።

በማግስቱ አባቴ ምርቃቱን ሲጀምሩ አቋረጥኳቸው።

«አባባ፣ ቤቱን ያሠራችው እሷ ናት። እኔ አይደለሁም።»

«እስቲ ከእሷ አገናኘኝ» አሉ።

ሚስቴ ሌሊቱን ሠርታ ገና መግባቷ ነበር። ስልኩን ተቀበለችኝ።

«ኧረ አባባ፣ ሲቀልድ ነው! እሱ ነው እንጂ ሌላ ማን ያሠራልዎታል?» አለች፣ ሳቅ ብላ። ምርቃታቸውን ተቀብላ ዘጋች።

«ለምን እንዲህ አደረግሽ?» አልኳት።

«ሶ ምን ልበላቸው? ተሸማቀው ይቅርታ ሊሉኝ፣ እኔ ደግሞ ላጽናናቸው? ደክሞኛል እኮ።» ሶፋው ላይ ቁጭ ብላ ጫማዋን መፍታት ጀመረች። «ማለቴ… እሳቸው እንዲያውቁልኝ አይደለም ስጠብቅ የኖርኩት። አንተ ለእኔ እንድትለኝ ነበር።»

እውነቷን ነው። አንድም ቀን አመሰግናለሁ ብያት አላውቅም። አጠገቧ ተቀምጬ ቃሉን ሳፈላልግ፣ አንድ ጫማዋን እንዳደረገች እንቅልፍ ወሰዳት።