እልልታ ባለበት ጽጌረዳ ይዝነብ

ጻፊ እንግዲህ። ያልኩሽን ጻፊ እንጂ ከራስሽ አትጨምሪበት። ነገሩ ውስጥ ያለሽው አንቺው ስለሆንሽ ልታሳምሪው ትፈልጊያለሽ፣ አውቅሻለሁ።

ያኔ ጅጅጋ የሠርግ ቪዲዮ ያለ አበባ አይሆንም ነበር። ሙሽሮቹ ሲስቁ ከላይ ልብ ይወርዳል፣ ርግብ በግራ ገብታ በቀኝ ትወጣለች፣ በወርቅ ፊደል «እንኳን ደስ አላችሁ» እያለ ይሽከረከራል። ይሄ ከሌለበት ሰው «ሠርግ ነው ለቅሶ?» ይላል። ቪዲዮ ቤቶቹ ደሞ አበባዋን በየቦታው በእጃቸው ሲለጥፉ፣ ሙሽራዋ ወልዳ ልጇን ክርስትና ታነሣለች።

አንቺ ከዩኒቨርሲቲ ወጥተሽ፣ ሥራ አጥተሽ፣ ኮምፒውተርሽን ታቅፈሽ ጓዳ የተቀመጥሽበት ጊዜ ነው። ሁለት ሺህ ስምንት ነው ዘጠኝ፣ አንቺ ታውቂያለሽ። አባትሽ፣ እኔ የወለድኩት ልጄ፣ ከድንበር ከቶጎጫሌ የሚመጣ ፔርሙስና ፕላስቲክ ሳህን ይሸጣል። ባየሽ ቁጥር «ይሄን ኮምፒውተር እንሽጥና አንቺ ሱቅ ቁጭ በይ» ይልሻል። ላንቺ ደሞ ሱቅ ማለት ሞትሽ ነው። ልጅ ሆነሽ አንድ ቀን ብታስቀምጥሽ እናትሽ፣ ፔርሙስ ሊገዛ የመጣውን ሰውዬ «ቤትዎ ፔርሙስ የለም እንዴ?» ብለሽ መልሰሽዋል። አትሳቂ፣ ጻፊው።

ኋላ አንድ ቀን መጣሽና «እማማ፣ እኔ አበባውን በእጄ አልለጥፍም። ትዕዛዝ ጽፌ እልካለሁ፣ ሩቅ አገር ያለ ኮምፒውተር ለጥፎ ይመልስልኛል» አልሽኝ።

«ማነው እሱ?»

«ሰው አይደለም። ኤፒአይ ይባላል።»

«የማን ልጅ ነው?»

«እማማ! ሰው አይደለም አልኩሽ እኮ!»

ግራ ሲገባኝ ጊዜ በሱቁ አስረዳሽኝ። አባትሽ ቶጎጫሌ ራሱ አይሄድም። የሚፈልገውን በወረቀት ጽፎ ለሾፌሩ ይሰጣል፣ ሾፌሩ ለነጋዴው ያደርሳል፣ ዕቃው ተጭኖ ይመጣል። ነጋዴውን በዓይኑ አይቶት አያውቅም። «እንደዚያ በይው» አልሽኝ። «ከዚህ እስከዚህ ጽጌረዳ፣ እዚህ ጋ ርግብ፣ እዚያ ጋ ጽሑፍ ብዬ እልካለሁ። የጻፍኩትን ያደርጋል።»

ይሄኔ ገባኝ። አባትሽ አንድ ጊዜ የፔርሙስ ክዳን ብሎ ጽፎ፣ ፔርሙሱን መጻፍ ረስቶ፣ አንድ ጭነት ሙሉ ክዳን ብቻ መጥቶለታል። ነጋዴው «ይሄ ሰውዬ ይሄን ሁሉ ክዳን ምን ላይ ሊከድነው ነው?» አላለም። የታዘዘውን ላከ። ክዳኑ ይኸው ስንት ዘመን በጆንያ ከሱቁ ጀርባ ተቀምጦ አይጥ ወልዶበታል።

«በይ ተጠንቀቂ» አልኩሽ። «ክዳን ብቻ እንዳይመጣብሽ።»

የመጀመሪያ ሥራሽ የጎረቤታችን ልጅ ሠርግ ሆነ። የሙሽራውን እናት ታውቂያታለሽ። አባቷ እንደኔ አባት በወታደርነት መጥቶ እዚሁ የቀረ ነው፣ እሷም በጠባይዋ ወታደር ናት። ጨው አነሰ ብላ ከሰው ድግስ ተነሥታ የሄደች ሴት! አባትሽ ይሄን ያውቃላ። «እሺ» አለሽ፣ «እሷ ቪዲዮውን ከወደደችው ኮምፒውተሩ ይቀመጥ። ካልወደደችው ገዢ አለኝ፣ በማግስቱ ሱቅ ትገቢያለሽ።» ሳቅ አለ ደሞ ሲወጣ። እሷ የወደደችው ነገር እስከዛሬ አልታየማ።

ሠርጉን ራስሽ ቀረጽሽ፣ አለቀ። አንቺ ኮምፒውተሩ ፊት ተቀምጠሽ ታማርሪያለሽ። «እማማ፣ ሙሉ ቀን የተቀረጸ ነው። አበባው የት ጋ እንደሚሆን ለማወቅ ሙሉውን ማየት ሊኖርብኝ ነው። ማሽን ደስታ የት ጋ እንዳለ በምን ያውቃል?»

«ይሄ ይጠፋል?» አልኩሽ። «እልልታ ባለበት ነዋ!»

ዘለሽ ጉንጬን ሳምሽኝ። ከዛ ድምፅ ከፍ ባለበት ሁሉ ጽጌረዳ ይዝነብ፣ ልብ ይውጣ፣ ርግብ ትብረር፣ ጽሑፍ ይምጣ ብለሽ ጻፍሽ። ልብ በይ፣ እኔ ያልኩት እልልታ ነው። «ድምፅ ከፍ ያለበት» ያልሽው አንቺ ነሽ። ኋላ በኔ ስታሳብቢ ነበር፣ እሱንም ጻፊ።

አሁን ሠርጉ ላይ የሆነውን ልንገራቸው፣ ለማያውቅ ሰው። እኛ ጋ ድግስ ሁለት ወጥ ቤት አለው። የክርስቲያኑ በዚህ፣ የሙስሊሙ በዚያ። አራጁ ለየብቻ፣ ድስቱ ለየብቻ፣ ጭልፋው ለየብቻ። በሙስሊሙ በኩል ያለውን ድስት የያዘችው ከኔ ጋር ግድግዳ የምትጋራው ሶማሌዋ ጎረቤቴ፣ የግመል ወተት ሻጯ ናት። የሙሽራው እናት ታዲያ ጭልፋዋን ይዛ የክርስቲያኑን ድስት ሁሉ ጨው እየቀመሰች ዞረች፣ ዞረችና በዚያው በሚንጠባጠበው ጭልፋ ወደ ማዶ ተሻገረች።

«አባዮ! ጭልፋው!» ብላ ጮኸች ጎረቤቴ፤ በሶማሊኛ «እህቴ» ማለቷ ነው።

«ጨው ልቅመስ ብዬ ነው!»

«በዚህ? ወላሂ ጭልፋው ድስቴ ከገባ አንቺንም አብሬ ነው የምከድንሽ!»

«በልጄ ሠርግ?»

«አዎ፣ በልጅሽ ሠርግ!»

ጭልፋውን አንዷ ከወዲህ አንዷ ከወዲያ ይዘው ተጓተቱ። መረቁ ይረጫል። በስንት ልመና ተላቀቁ። ከዚያ ወዲህ መንገድ ላይ ሲገናኙ አንዷ ሰማይ ታያለች፣ አንዷ ጫማዋን ታያለች። አንቺ ደሞ ካሜራውን እዚያው ወጥ ቤቱ ደጃፍ በእግሩ አቁመሽ፣ ሳታጠፊው ልትበዪ ሄደሻል። ይሄን ማንም ልብ አላለም።

ቪዲዮው ተላከ። ኔትወርክ ደሞ ያን ሰሞን አንዴ አለ አንዴ የለም። የተለጠፈው ተመልሶ የመጣልሽ፣ ሰው ሊያይ ተጠርቶ የሙሽራው እናት ቤት ከተቀመጠ በኋላ ነው። ልጇ በስልክ «የት ደረሳችሁ?» ይላል። በፍላሽ ገለበጥሽው፣ ሳናየው እየሮጥን ሄድን። እኔ ደሞ በዚህ ጉልበቴ!

ቤቱ ሞልቷል። ሶማሌዋ ጎረቤቴም መጥታለች፤ ሙሽራዋ ለምናት ነው፤ በር አጠገብ ፊቷን አዙራ ተቀምጣለች። አባትሽ ቆሞ ነው፣ እጁን አጣምሮ፣ ልክ ኮምፒውተሩን እንደሚወስድ ሰው።

መጀመሪያው ጥሩ ነበር። ሙሽሮቹ ከቤተክርስቲያን ሲወጡ እልል ተባለ፣ ጽጌረዳው ዘነበ። «እሰይ!» አለ ቤቱ። የሙሽራው እናት እንኳን ራሷን ነቀነቀች። እኔም ደረቴን ነፋሁ።

ከዛ በመንገድ የሚያልፍ አይሱዙ ጥሩምባውን ነፋ። አይሱዙው ላይ ልብ ፈሰሰበት።

«እሱም አገባ እንዴ?» አለ አንዱ።

ከዛ ለእርድ የሚጎተተው በግ ባ አለ። ርግብ ተነሥታ በረረች፣ በወርቅ ፊደል «እንኳን ደስ አላችሁ» ወጣ።

«እሱስ ደስ ያለው አይመስልም» አሉ የሙሽራዋ አያት።

ከዛ ጄነሬተር ተነሣ። ጄነሬተሩ ዝም አይልም፣ ጽጌረዳውም ዝም አይልም፤ ጄነሬተሩ እንደ ሙሽራ አበባ ለበሰ። ሰው ያፍናል እንጂ መሳቅ ፈርቷል፤ ሁሉም የሴትዮዋን ፊት ነው የሚያየው። እሷ ደሞ እንደ ድንጋይ። አንቺ ፊትሽ አመድ መስሏል። እኔ በልቤ «አለቀ፣ ልጄ ፔርሙስ ልትሸጥ ነው» እላለሁ።

ከዚያ ወጥ ቤቱ መጣ። ጭልፋው መጣ።

አንቺ ገመዱን ልትነቅዪ በጉልበትሽ እየዳህሽ ወደ ቴሌቪዥኑ ጀርባ ስትሄጂ፣ አባትሽ ቀሚስሽን ይዞ «ተይው፣ ይታይ» አለ። ታየ። ሁለቱ ሴቶች ጭልፋ ይጓተታሉ፣ ከላይ ጽጌረዳ ይዘንባል። አንዷ ስትጮህ ልብ ከመሃላቸው ይወጣል፣ ሌላዋ ስትመልስ ርግብ ትበርራለች። «አንቺንም አብሬ ነው የምከድንሽ!» ሲባል በወርቅ ፊደል «ፍቅራችሁ ይለምልም» እያለ ተሽከረከረ። ጩኸቱ በባሰ ቁጥር አበባው ይብሳል፤ በመጨረሻ ከጽጌረዳው በላይ የሚታየው ጭልፋው ብቻ ሆነ።

ሰው ሁሉ ከቴሌቪዥኑ ወደ ሴትዮዋ ዞረ።

በኋላ ከበሩ በኩል የጎረቤቴ ድምፅ መጣ። «አባዮ» አለች፣ «ርግቧ እኮ ራስሽ ላይ ኩሷን ልትጥል ነው።»

የሙሽራው እናት ዞር ብላ አየቻት። ከስንት ጊዜ በኋላ! «ዝም በይ አንቺ» አለቻት። «መልሱት እስቲ።»

መለሱት። ነጠላዋን አፏ ላይ አደረገች። ትከሻዋ መንቀጥቀጥ ጀመረ። እኔ ያለቀሰች መስሎኝ ልነሣ ስል በሳቅ ፈነዳች። ጥርሷን ያየሁት የዚያን ቀን ነው፣ ወርቅ አላት ለካ። ቤቱ ሁሉ ተከተላት። የሙሽራዋ አያት ዱላቸው ወደቀ።

አንቺ እያለቀስሽ «እትዬ፣ ይቅርታ፣ እሱን ቆርጬ አወጣዋለሁ» ትያለሽ።

«ማንን ነው የምታወጪው? በጉን ከፈለግሽ አውጪው! ይሄን ብትነኪ ውርድ ከራሴ! በልጄ ሠርግ እኔ ያማርኩበት ቦታ ይሄ ብቻ ነው።»

«ለኔም በፍላሽ አድርጊልኝ» አለች ጎረቤቴ።

«አንቺ ምን ያደርግልሻል? ጭልፋው በኔ እጅ ነው የቀረው!»

«ወላሂ በኔ ነው! መልሱት!»

እንደገና ተመለሰ። ጽጌረዳው ሸፍኖት ጭልፋው በማን እጅ እንደቀረ አይለይም። እስከዛሬም አልተለየ። እስከዛሬም በሱ ይጨቃጨቃሉ፣ ግን እየተጠራሩ፣ አንድ ላይ ተቀምጠው።

ወደ ቤት ስንመለስ አባትሽ ከፊት ከፊት ይሄዳል። አንቺም ስለ ኮምፒውተሩ ለመጠየቅ ፈርተሽ ከኔ ጀርባ ትሄጃለሽ። በሩ ጋ ስንደርስ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ያቺ ርግብ» አለ፣ «ፔርሙስ ላይም ታርፋለች?»

ይኸው ነው። ሱቁ ውስጥ ቴሌቪዥን ሰቀለ። ራሱ ሱፍ ለብሶ ፔርሙስ አቅፎ ተቀረጸ፣ አንቺ ትዕዛዝሽን ጽፈሽ ላክሽ፣ ልብና ርግብ ለብሶ ተመለሰ። ቀኑን ሙሉ እሱው ሱቅ ተቀምጦ፣ እዚያ ላይ በራሱ ላይ ጽጌረዳ ሲዘንብ ያያል። ከገጠር ግመል ይዞ የመጣው ሁሉ ቆሞ አብሮት ያያል። አንቺ ሱቅ አልገባሽም።

ክዳኖቹም ያኔ ተሸጡ። «እንኳን ደስ አላችሁ» ከበላያቸው እየተሽከረከረ።