ኪቦርድ አይንቀጠቀጥም

ወንድሜን ዓይኑ ከጠፋ በኋላ ቢቸና ገበያው አጠገብ ወዳለው ጌም ቤት የምወስደው እኔ ነበርኩ። ሴት ልጅ እዚያ ምን ትሠራለች ያላለኝ የለም። ይበሉ፤ እጁን የሚይዝለት ሌላ ማን ነበረው?

የሚወደው ጨዋታ ጎራዴ ይዞ፣ ጭራቅ እየገደሉ፣ ጨለማ ግንብ ውስጥ ማለፍ ነው። ስክሪኑን ሳያይ ይጫወተው ነበር። ጭራቁ ሲጠጋ ጆይስቲኩ እጁ ውስጥ ይንቀጠቀጥለታል፣ ኮቴውን ይሰማል፣ ያኔ ይመታል። ዓይናሞቹን ሁሉ ያስከነዳ ነበር። በቀን ውስጥ ማንም ሳይመራው የሚሠራው ነገር ይህ ጨዋታ ብቻ ነበር።

ሰው ከንፈር ይመጥለታል። እኔ ግን ሲሸነፍ «አንተ ደነዝ፣ ተኝተሃል?» እለዋለሁ። ይስቃል። «የማታባብይኝ አንቺ ብቻ ነሽ» ይለኝ ነበር።

ሞጣ ሥራ ሳገኝ ይዤው ሄድኩ። እዚያ ጆይስቲክ ያለው ያ የጌም ማሽን የለም። ኮምፒውተር የሚጠግን ጎረቤታችን ያንኑ ጨዋታ በኢሙሌተር ላፕቶፔ ላይ ጫነልኝ፤ ኮምፒውተሩን እንደ ማሽኑ የሚያደርግ ፕሮግራም ነው። ስከፍተው ምስሉ ከቢቸናው ይበልጥ ጠራ። እንዴት ደስ አለኝ! ለማን እንደጠራ አላሰብኩም።

ጣቶቹን ኪቦርዱ ላይ ሲያሳርፍ ፈገግ ብሎ ነበር። የጨዋታው የመጀመሪያ በር ላይ ሞተ። ደገመ፣ አሁንም ሞተ። ኪቦርድ አይንቀጠቀጥም፤ ድምፁም እየተቆራረጠ ይዘገያል፣ ኮቴው የሚሰማው ጭራቁ ከመታው በኋላ ነው። እኔ ሞከርኩት፤ እያየሁ ስለሆነ በሩን አለፍኩ።

«ጆሮዬም ሄደ ማለት ነው» አለ ቀስ ብሎ።

«ኧረ ኮምፒውተሩ ነው! ድምፁን የሚያዘገየው እሱ ነው» አልኩት። ጎረቤታችንን ጠርቼ አስመሰከርኩ። ጆሮው ደህና መሆኑን በድሮው ማሽን እንዳላሳየው፣ የቢቸናው ማሽን መብራት ሄዶ ሲመጣ ተቃጥሏል፣ ጌም ቤቱም ከረንቡላ ቤት ሆኗል።

ጎረቤታችን እስኪወጣ ጠበቀ። «እንግዲህ አንቺም ማባበል ጀመርሽ» አለኝ።

እንደ ድሮው ልሰድበው ፈለግኩ። «አንተ ደነዝ» ብዬ ጀመርኩ፣ ሳግ ያዘኝና መጨረስ አቃተኝ። ሳጉን በደንብ ሰማው። ላፕቶፑን ዳብሶ ከደነው፤ ከዚያ ወዲያ ክፈቺልኝ ብሎኝ አያውቅም።