በጉም ውስጥ ወራጅ የለም

አባቴ ዕድሜ ልኩን የሚኒባስ ታክሲ ሹፌር ነበር። ቤታችን ወሰን ሰፈር ነው፤ እሱ ግን መሥራት የሚወደው ወደ እንጦጦ ማርያም በሚያወጣው ዳገት ላይ ነበር። ሙስሊም ሆኖ በማርያም ቀን ምእመናኑን ሲያመላልስ መዋሉ ጓደኞቹን ያስቃቸዋል። «ቆይ፣ አንተ ጀነት የምትገባው በየትኛው በር ነው?» ይሉታል። «በጋቢናው» ይላቸዋል።

ትምህርት ቤት ሲዘጋ ጋቢና ተቀምጬ አብሬው እውላለሁ። የክረምቱን ጉም ያወቅሁት ያኔ ነው። ለማያውቀው ሰው ጉም ሁሉ አንድ ይመስለዋል። ተራው ጉም መንገድ ይሸፍናል፣ ፀሐይ ስትወጣ ይሄዳል፣ አለቀ። ያኛው ግን ከባሕር ዛፉ መሃል ቀስ ብሎ ይወርድና ሰዓት ያስታል፣ ትዝታ ይበላል። ጠዋት ገብተን ስንወጣ መሽቶ የጠበቀን ቀን አለ፤ ለእኛ ግን ከአንዱ ኩርባ እስከሚቀጥለው ያለች አጭር መንገድ ነበረች። ከሁሉ የሚከፋው፣ ለሰው የናፈቀውን ያሳየዋል። የናፈቀውን አይቶ ከመኪና የወረደ ሰው ወይ አይመለስም፣ ወይ ሲመለስ ልጆቹ አርጅተው ያገኛቸዋል ይባላል።

ስለዚህ የዚያ መስመር ሹፌሮች የራሳቸው ሥርዓት ነበራቸው። ጉሙ ሲመጣ አባቴ ፍሬቻውን አብርቶ ጥግ ይይዛል፣ መስኮቶቹን ያዘጋል፣ ከዚያ «ከኋላ ጀምሮ! ሁሉም መውረጃውንና ቤት የሚጠብቀውን ሰው ይናገር!» ይላል። ተሳፋሪው በየተራው ይናገራል። መገናኛ፣ እናቴ። ፈረንሳይ፣ ባለቤቴና ልጆቼ። የሚጠብቀው የሌለው ወንደላጤ ደግሞ «እኔን አከራዬ ትጠብቀኛለች፣ ያውም በር ላይ ቆማ» ብሎ ታክሲውን በሳቅ ይሞላዋል። ሁሉም ከተናገረ በኋላ አባቴ ቀስ እያለ ይነዳል። እዚያ ውስጥ ማንም «ወራጅ አለ» ቢል አይቆምም። ለሹፌር ከባዱ ነገር ይሄ ነበር፤ ወራጅ ሲባል እግር በራሱ ወደ ፍሬን ይሄዳላ።

አንድ ጊዜ አንዲት አሮጊት ዳገቱ እኩሌታ ላይ «ልጄ፣ ሲግናል አውርደኝ፤ ወንድሜ በር ላይ ቆሟል» አሉት። ሲግናል የት፣ እንጦጦ የት!

«እማማ፣ ቅድም ማን ይጠብቀኛል ነበር ያሉኝ?» አላቸው።

«የልጅ ልጄ።»

«እንግዲያው የማደርስዎት ለእሷ ነው» ብሎ አለፈ። ከጉሙ ስንወጣ አለቀሱ፤ ከዚያ ከመቀመጫቸው ተነስተው አናቱን ሳሙት። የዚያን ቀን አባቴን እንዴት እንደኮራሁበት!

እናቴ ግን ይህን ሁሉ ከቁም ነገር አትቆጥረውም ነበር። አርብ ከጁምዓ በኋላ አባቴ ባዶ ታክሲውን ይዞ ሁለታችንን አየር ለመቀበል ያወጣናል። እሷ ቢጫ ሻሿን አስራ ጋቢናዬን ትነጥቀኛለች፤ እኔ አኩርፌ ከኋላ እቀመጣለሁ። መንገድ ዳር የተጠበሰ በቆሎ ይገዛልናል። ትንሽ እንደሄድን እንደ ረዳት እጁን ዘርግቶ «ሒሳብ!» ይላታል፤ እሷም ግጣ የጨረሰችውን በቆሎ ታስጨብጠዋለች። በየሳምንቱ ያው ቀልድ፣ በየሳምንቱ ያው ሳቅ። ያኔ ይሰለቸኝ ነበር። አሁን ከልጅነትሽ አንዱን ቀን መልሰሽ ውሰጂ ብባል፣ ሌላ ምንም አልመርጥም።

እናቴ ስትሞት አባቴ ታክሲውን ሸጠ፤ ወሬውንም አብሮ የሸጠው ይመስል ዝም አለ። ባለፈው ክረምት አንድ አርብ ከመስጊድ ሲመለስ «እስቲ እንጦጦ አውጪኝ» አለኝ። ሰማዩ ጠቁሯል። ምን እንደፈለገ ገብቶኛል። እምቢ ብለው ብቻውን እንደሚወጣም አውቃለሁ። ከእናቴ በኋላ የቀረኝ እሱ ብቻ ነው፤ ከወረደ አጣዋለሁ። ስለዚህ በትንሿ መኪናዬ ራሴ ይዤው ወጣሁ።

ጉሙ ያገኘን ከመጀመሪያው ኩርባ በላይ ነው። ፍሬቻ አብርቼ ጥግ ያዝኩ።

«አባ፣ መውረጃህ የት ነው?»

«ወሰን» አለ፣ እየሳቀብኝ።

«ቤት ማን ይጠብቅሃል?»

«አንቺ ነሻ።»

«እኔማ ይኸው አጠገብህ ነኝ።»

ትንሽ አሰበ። «እንግዲያው ማንም የለም» አለ።

ፈራሁ። ከዚያ በፊት መልስ ያጣ ሰው አይቼ አላውቅም። መንዳት ጀመርኩ። ብዙም ሳንሄድ «ወራጅ አለ!» አለ፣ በወጣትነቱ ድምፅ። እግሬ ፍሬኑን ረገጠው። የሹፌር ልጅ ነኝ፤ ሳላስበው ነው። መኪናዋ ቀጥ አለች።

ከእሱ መስኮት ወዲያ በዓይኔ ጠርዝ ቢጫ ነገር አየሁ። የበቆሎ ጥብስ ሸተተኝ። መስታወቱ በጣት ተንኳኳ። በሮቹን ቆለፍኩ።

«ክፈቺ! እናትሽ ናት እኮ!»

«አባ፣ እባክህ ወደዚያ አትይ። እኔን እየኝ።»

ክፉ ተናግሮኝ የማያውቅ አባቴ ጮኸብኝ። ሁለት እጁን መስታወቱ ላይ ለጥፎ ያያታል፤ ዓይኑን አይነቅልም። እኔም መዞር ፈልጌ ነበር። ሌላ ምንም አይደለም፣ ፊቷን አንዴ ለማየት። አንገቴን አድርቄ ማርሽ አስገባሁና «እማ፣ ይቅር በይኝ» ብዬ ነዳሁ። ማንኳኳቱ ትንሽ ተከተለን፤ ከዚያ ቀረ።

ከጉሙ ስንወጣ መሽቷል፣ ታች ከተማው መብራቱን አብርቷል። አባቴ ተረጋግቶ ተቀምጧል። በስሜ ጠርቶኝ «ደክሞሻል፣ ቀስ ብለሽ ንጂ» አለኝ። ያወቀኝ መሆኑ ብቻ እንባዬን አመጣው፤ አልሃምዱሊላህ፣ ይዤው ወጣሁ አልኩ በልቤ።

«እኔ የምልሽ» አለ ቆየት ብሎ፣ «ያቺን ሴትዮ ለምን አላሳፈርናትም? እዚያ ብርድ ላይ ቆማ ታሳዝናለች እኮ።»

ቀልዱ መስሎኝ ፊቱን አየሁ። ቀልድ አልነበረም።

«ሞልተን ነበር አባ» አልኩት።

ዞር ብሎ ባዶውን የኋላ ወንበር አየ። ከዚያ እኔን አየኝ።