አባቴ ከሠራው አልጋ የወጡት ተርቦች

ይህ የደረሰብኝ በደርግ ዘመን፣ ነገሌ ቦረና በጤና ረዳትነት ስሠራ፣ ባገባሁ በመጀመሪያው ዓመት ነው። ዛሬ የልጅ ልጅ አይቻለሁ። የዚያን ጊዜ ሰዎች አብዛኞቹ በሕይወት የሉም። እኔ ግን ቀርከሃ ባየሁ ቁጥር ያ ቀይ አፈር የለበሰ ግቢ፣ አማቴና አንዲት በወባ እየተንቀጠቀጠች የመጣች ሴት ፊቴ ላይ ድቅን ይላሉ።

የቦሬ ልጅ ነኝ። አገራችን ደጋ ነው፤ ጭጋግ፣ እንሰትና ቀርከሃ የሞላበት። አባቴ ገበሬ ይሁን እንጂ እጁ ለቀርከሃ የተፈጠረ ነበር። ነገሌ የሚያስተምረውን ጃተኒን ሳገባ፣ "የምሰጥሽ ከብት የለኝም" ብሎ ስንት ቀን አጎንብሶ የቀርከሃ አልጋ ሠራልኝ። ራስጌውን በእሳት እያለሰለሰ እንደ ሹሩባ ጎንጉኖታል። በኤንትሬ የጭነት መኪና ተጭኖ ነገሌ ሲገባ ሰፈሩ ወጥቶ አየው።

አማቴ አዴ ዳርሚ ይባላሉ። ከብቶቻቸው ሊበን ገጠር ነበሩ፤ እሳቸው ግን ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ከተማ ከእኛ ጋር ይኖሩ ነበር። ረጅም፣ ቀጥ ያሉ፣ ወሬ የማያበዙ ሴት። አልጋውን ዞረው አዩና "ያምራል" አሉ። ከዚያ ወደ ጓዳ ገቡ። ኦሮምኛ አሳምሬ ብናገርም ለሳቸው የደጋ ልጅ ነበርኩ፤ ልጃቸው ከቆላው ሰው እንዲያገባ ይፈልጉ እንደነበር ሰምቻለሁ።

የሚያዝያው ዝናብ አቁሞ ሙቀቱ ሲጠና ከአልጋው ሥር እንደ ዱቄት ያለ ብናኝ መፍሰስ ጀመረ። ጠዋት እጠርገዋለሁ፤ ማታ ስመለስ እንደገና አለ። ብዙም ሳይቆይ ጃተኒን አንድ ነገር ይነክሰው ጀመር። ጀርባውና ክንዱ ቀይ እየሆነ ያብጣል፤ ሲያክ ያድራል። ትኋን ነው ብዬ ፍራሹን ፀሐይ ላይ አወጣሁ፣ አንሶላውን ቀቀልኩ። አንድም ትኋን አላገኘሁም። የባሰው ደግሞ እኔን ምንም አለመንካቱ ነው። አማቴ የልጃቸውን ጀርባ ያያሉ፣ ከዚያ የእኔን ክንድ ያያሉ።

አንድ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ አልጋው አጠገብ ቆመው አገኘናቸው። ከቀርከሃው ላይ ካለች ቀዳዳ አንዲት በራሪ ነገር እየወጣች ነው። የሩዝ ፍሬ ብታህል ነው። ወገቧ ክር ነው፤ ከኋላዋ እንደ መርፌ የቀጠነ፣ ቁመቷን የሚያህል ጭራ አላት።

"ኩን ማል? ይኼ ምንድነው?" አሉ አማቴ።

"ተርብ ነገር ናት፣ እማዬ" አለ ጃተኒ።

"ተርብ ቤት አለው። መርፌ ይዞ ከእንጨት ሆድ አይወጣም። ይኼ የተላከ ነው።"

ይህን ሲሉ ዓይናቸው እኔ ላይ ነበር። በማግስቱ ውሃ ልቀዳ ቦኖ ጋ ስደርስ ሴቶቹ እንስራቸውን ከእኔ ገሸሽ አደረጉ። ከዚያ በኋላ ሰፈሩ በሙሉ የደጋዎቹ አልጋ መተት አለበት ይል ጀመር። አማቴ ይቃጠል አሉ። እኔ አባቴ የደከመበትን እሳት ውስጥ አልከትም አልኩ። ጃተኒ መሃላችን ገብቶ ምግብ እስከመተው ደረሰ። በዚህ ላይ አባቴ ሊጠይቀን እንደሚመጣ በሹፌር ቃል ልኮ ነበር።

"ይምጣ" አሉ አማቴ። "ግን እኔ ባለሁበት ቤት እግሩ አይገባም።"

ከበራሪዎቹ አንዷን ባዶ የፔኒሲሊን ብልቃጥ ውስጥ ከትቼ፣ መርዝ ይኖራት እንደሆነ ሐኪሙን ልጠይቅ ክሊኒክ ወሰድኳት። ሐኪሙ ለስብሰባ ያቤሎ ሄዷል። ብልቃጧን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀምጬ በሽተኛ መቀበል ጀመርኩ።

ረፋድ ላይ አንዲት ቀጭን ሴት በሁለት ሰው ተደግፋ ገባች። ስሟ ሰናይት ነው። ተምች ታይቷል ተብሎ ከአዲስ አበባ የተላከች የሰብል ተባይ ባለሙያ ናት፤ እንደመጣች ወባ ጣላት። ክሎሮኪን ሰጥቼ አልጋ ላይ ሳስተኛት ጥርሷ ይንቀጫቀጫል። ዓይኗ ግን ጠረጴዛዬ ላይ ባለችው ብልቃጥ ላይ ተተክሎ ቀረ።

"ሲስተር፣ ይቺን ከየት አገኘሻት?"

ለምን እንደሆነ አላውቅም፣ አለቀስኩ። ለማላውቃት ሴት ስለ አልጋው፣ ስለ አማቴ፣ ስለ አባቴ ሁሉንም ዘረገፍኩላት።

"ትንሽ ሲሻለኝ ቤትሽ ውሰጂኝ" አለች። "አደራ፣ እስከዚያ እንዳታቃጥሉት።"

ትኩሳቱ ለቀቅ ባደረጋት ቀን በዚያ ሙቀት ጋቢ ደርባ፣ ትከሻዬን ተደግፋ መጣች። አማቴ በር ላይ ቆመው ነበር።

"አካም፣ ናጋ?" ብላ በኦሮምኛ ሰላም አለቻቸው ሰናይት። አነጋገሯ ያስቅ ነበር፤ ደግነቱ አማቴ አማርኛ ይሰማሉ።

"ናጋ" አሉና ከበሩ ዞር አሉላት።

ሰናይት ከቦርሳዋ አጉሊ መነጽር አወጣች። ብልቃጧ ውስጥ ያለችውን ነጭ ወረቀት ላይ ገልብጣ "እማማ፣ እርስዎ ይዩ" አለች። አማቴ እያቅማሙ ጎንበስ አሉ።

"ጭራዋ አንድ ይመስላል እንጂ ሦስት ነው። መሃል ያለው ነው መርፌው፤ ግራና ቀኙ ሰገባው ናቸው። ሰው አትወጋበትም። እንጨት ውስጥ የተደበቀ ትል ፈልጋ፣ በዚህ በስታ፣ እንቁላሏን ትጥልበታለች። ልጇ ትሉን በልቶ ያድጋል።" ከዚያ በስንጥር ክንፏን ዘረጋች። "ክንፏ እንደ ቅጠል ቀጫጭን ጅማት አለው፣ አዩት? ዘመዶቿ እዚህ ጋ አንድ ተጨማሪ ጅማት አላቸው፤ እሷ የላትም። ወገቧም እንደ ዘንግ የረዘመ ነው። እኛ ወገኗን የምንለየው በዚህ በዚህ ነው።"

አማቴ ብዙ አዩ። ቀና ብለው "ታዲያ ልጄን ማን ነከሰው?" አሉ።

"እኔም የምፈልገው እሱን ነው" አለች ሰናይት።

ነጭ አንሶላ አንጥፈን አልጋውን ገለበጥንበትና በዱላ መታነው። ብናኝ ወረደ፤ ጥቋቁር ትናንሽ ጢንዚዛዎች ወረዱ። በመካከላቸው ደግሞ ቀያይ፣ ከጤፍ ፍሬ ብዙም የማይበልጡ ነገሮች ይሯሯጣሉ።

"ጉንዳን ነው" አልኩ።

ሰናይት አንዷን ጣቷ ላይ አወጣች። "ጉንዳን ወገቡ ላይ ጉብ ያለ ቋጠሮ አለው። ይቺ የላትም። ጭንቅላቷም ጠፍጣፋ ነው። ተርብ ናት፤ ክንፍ ያልወጣላት ተርብ። ጭራ የላትም አትበሉ፣ መርፌዋን ሆዷ ውስጥ ደብቃ ነው የምት— ውይ!"

ነደፈቻት። ጣቷ ወዲያው ቀላ፣ እንደ ጃተኒ ክንድ አበጠ። ሰናይት ጣቷን እየነፋች ትስቃለች። አማቴም ሳቁ። ልጃቸውን ካገባሁ ጀምሮ ሲስቁ ያየሁት ያን ቀን ነው።

"እኔን ለምን ተወችኝ?" ብዬ ጠየቅኩ።

"ትተውሽ አይደለም። የአንዳንዱ ሰው ቆዳ ይቆጣል፣ የአንዳንዱ ችሎ ዝም ይላል። ሁለቱም ተርቦች የመጡት ጢንዚዛውን ብለው ነው። ጢንዚዛው ቀርከሃ እየበላ ያን ብናኝ ያወጣል፤ ትሉም የእሱ ልጅ ነው። ጢንዚዛው ካለቀ እነሱም እዚህ ሥራ የላቸውም።"

አማቴ ቀበል አደረጉ። "ከብት መዥገር አለው። መዥገሩን የሚለቅም ወፍ አለ። ወፉ ደግሞ አንዳንዴ ቁስል ይነካል።"

"ልክ እንደዚያ ነው እማማ። ከዚህ የተሻለ እኔም አልናገረውም።"

መድኃኒቱ የፈላ ውሃና የነገሌ ፀሐይ ሆነ። አማቴ ራሳቸው በርሜል ጥደው ውሃውን አፈሉ፤ በየቀዳዳው አፈሰስን። ሰናይት ከመሥሪያ ቤቷ ጥቁር ላስቲክ አምጥታ አልጋውን ግቢው መሃል ጠቀለልነው። ከሁለቱም ተርቦች ጥቂት ጥቂት በብልቃጥ ይዛ፣ ስማቸውን አጣርታ እንደምትልክልኝ ነግራኝ ወደ ሥራዋ ሄደች።

አባቴ የደረሰው አልጋው ገና ውጭ እያለ ነው። ማር ይዞ፣ አቧራ ለብሶ ከመኪና ወረደ። የሰፈሩ ሴቶች ምን ይፈጠር ይሆን ብለው አጥር ተደግፈው ያያሉ። አማቴ እግሩ አይገባም ያሉትን ይሽሩት አይሽሩት አላወቅኩም ነበር።

አዴ ዳርሚ ከቤት ወጡ። አባቴን ገና ሰላም ሳይሉ ወደ አልጋው ሄደው ላስቲኩን ገፈፉ። ራሳቸው ላይ ጣል ያደረጉትን ጨርቅ አወረዱና አነጠፉበት። ጫማቸውን አወለቁ። ከዚያ እኒያ ኩሩ ሴት ሰፈሩ ሁሉ እያየ አልጋው ላይ ወጡና በጀርባቸው ተጋደሙ። ዓይናቸውን ጨፍነው ጥቂት ቆዩ። አጥሩ ጋ ያሉት ሴቶች አንድ በአንድ ሄዱ።

ተነስተው ተቀመጡና አጠገባቸው ያለውን ቦታ በእጃቸው መታ መታ አደረጉ። "ናጋ? መንገዱ እንዴት ነበር? ይምጡ፣ እዚህ ይቀመጡ።"

አባቴ ግራ ተጋብቶ ተቀመጠ። "አልጋው ምነው ውጭ ወጣ? ተበላሸ እንዴ?"

አማቴ እኔን አየት አድርገው "ኧረ ደህና ነው" አሉ። "ቤቱ ሞቆን ነው።"

አባቴ ሳቀ። ደጋ ቢሆን እንዲህ ያለ ነገር እንደማይደርስ፣ ቦሬ ቢመጡ በሚያዝያ ጋቢ እንደሚደርቡ ያወራላቸው ጀመር። እስኪመሽ ሁለቱም ከዚያ አልጋ ላይ አልተነሱም። አልጋው ቤት ከተመለሰ በኋላም ጃተኒን የነከሰው ነገር የለም። አባቴ የሆነውን ሳያውቅ ነው የሞተው፤ ከእኛ ቤት አንድም ሰው አልነገረውም።

ሰናይትን ከዚያ ወዲህ አላየኋትም። የተርቦቹን ስም ትላክልኝ አትላክልኝ ሳላውቅ እኛም ወደ አዋሳ ተዛወርን። ብትኖር አሁን አሮጊት ናት። በወባ ተይዛ፣ አገሩ አገሯ ሳይሆን፣ ለማታውቀው ቤት ሰላም ያን ያህል መንገድ በእግሯ መምጣቷን ሳስብ፣ ያኔ በደንብ አመሰግኜአት ይሆን እያልኩ እጨነቃለሁ። አማቴን ግን ወልጄ ሲያርሱኝም፣ ታመው ሳስታምማቸውም ጠግቤአቸዋለሁ። እንዲያም ሆኖ ይናፍቁኛል። ያን ቀን ከአባቴ ጋር ጎን ለጎን ተቀምጠው ስለ ደጋና ስለ ቆላ ሲከራከሩ፣ እኔ በር ላይ ቆሜ የሰማሁት ድምፅ ከሁሉ በላይ ይናፍቀኛል።