የእትዬ ኔርሚን ድምፅ

ቅዳሜ ለት በውጭ አገር በምንኖርባት ዎርዝንግተን ከተማ በሚገኘው ቤተ ክርስቲያናችን በልጆች የገና ድራማ ልምምድ ላይ ተቀምጬ፣ ከጎኔ ያለች እናት እጇን በሳኒታይዘር ስታሽ የሎሚው ሽታ አፍንጫዬን መታኝና በልጅነቴ እዚሁ አገር አንድ ዩኒቨርሲቲ አጠገብ ተከራይተን ወደ ኖርንበት ቤት፣ ፎቁ ላይ ይኖሩ ወደነበሩት ቱርካዊት ጎረቤታችን ወሰደኝ።

«እትዬ» ያስባለችኝ እናቴ ናት፤ ለእሷ በዕድሜ የምትበልጥ ሴት ሁሉ፣ ከየትም አገር ትምጣ፣ እትዬ ናት። እትዬ ኔርሚን በበኩላቸው ደጃቸውን የረገጠ ሰው ሁሉ፣ የስምንት ዓመቷ እኔም ሳልቀር፣ እንደ አገራቸው ልማድ መዳፉ ላይ ኮሎኝ የሚሉትን የሎሚ ሽቶ ሳያፈሱ አያስቀምጡም ነበር። የተማሪ ሱሪ እያሳጠሩ የሚኖሩ ልብስ ሰፊ ነበሩ፤ ከስፌት መኪናቸው በላይ ግን አንዲት ትንሽ ልጅ ስታለቅስ የሚያሳይ የፊልም ፖስተር ተሰቅሏል። ልጅቷ እሳቸው ናቸው። ኢስታንቡል ውስጥ አራት ፊልም ሠርተው፣ በአራቱም እናቷ የሞተችባት ልጅ ሆነው አልቅሰው፣ በአሥራ አንድ ዓመታቸው ቁመታቸው ሲመዘዝ «በቃ፣ አደግሽ» ተብለው ተሰናበቱ። ይህን ሲያወሩ ይስቃሉ። የማይስቁበት አንድ ነገር ነበር፤ ያኔ ፊልሙ ያለ ድምፅ ተቀርጾ ንግግሩ ኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ስለሚገባ፣ በአራቱም ፊልም በእሳቸው አፍ የተናገረችው ሌላ ሴት ናት።

የዚያን ዓመት በቤተ ክርስቲያናችን የገና ድራማ ማርያምን እንድሠራ ተመረጥኩ። አማርኛዬ ስብርብር ያለ ስለነበር መሪያችን ጋሽ ታዬ፣ ሌላ ልጅ ከመጋረጃ ጀርባ ሆና በማይክ እንድትናገርልኝ ወሰኑ። እኔ ግልግል ብዬ ደስታዬን ላካፍል ፎቅ ወጣሁ። እትዬ ኔርሚን የስፌት መኪናቸውን አቆሙ።

«አፍሽን ለማንም አታበድሪ» አሉኝ በእንግሊዝኛ።

ከዚያ በኋላ አንድም የአማርኛ ቃል የማያውቁት ሴት፣ ሦስት ሳምንት ሙሉ ሱሪ እየሰፉ አስጠኑኝ። ድምፄ ዝቅ ባለ ቁጥር «አልሰማሁም፤ ድገሚው» ይሉኛል። በዕለቱ መጋረጃው ጀርባ ያለችውን ልጅ ቀድሜ፣ ጉባኤው እየሳቀ፣ በዚያው ስብርብር አማርኛዬ ተናግሬ ጨረስኩ። ከኋላ ወንበር ቆመው ያጨበጨቡት፣ ምን እንዳልኩ ያልገባቸው ብቸኛዋ ሰው፣ እትዬ ኔርሚን ነበሩ።

እትዬ ኔርሚን ካረፉ ቆዩ። አንዱን ፊልማቸውን ስልኬ ላይ አግኝቼ ነበር፤ ፊታቸው አለ፣ ድምፁ ግን የዚያች የሌላዋ ሴት ነው። እኛም የራሳቸውን ድምፅ እንቅዳው ሳንል ቀረን፤ ይህ ዛሬም ይቆጨኛል።

ከሐሳቤ የመለሰኝ የድራማው አስተባባሪ ነው። «እህት ሜላት፣ የልጅሽ አማርኛ ትንሽ ስለሚያስቸግር ሌላ ልጅ ሬከርድ ታድርግላት፤ እሷ አፏን ብቻ ታንቀሳቅስ» አለኝ።

«ኢትስ ፋይን፣ ማሚ» አለች ልጄ ትከሻዋን ሰብቃ።

«አይሆንም» አልኩ።

መኪና ውስጥ የድራማው ንግግሯ የተጻፈበትን ወረቀት ሰጠኋት። ቃሉን እየዋጠች፣ መስኮት መስኮቱን እያየች አነበበችው።

«አልሰማሁም» አልኳት፤ «ድገሚው።»